ሳይታወጅ «ተሰረዘ» ስለተባለ ጨዋታ፦ ልናስወግዳቸው የሚገቡ ስህተቶች

ደብረ ማርቆስ ውስጥ የወንድሜ ልጅ ሦስት ስክሪን ያላት ጠባብ የፕሌይስቴሽን ቤት አለችው፤ እኔም ከሥራ መልስ ሂሳቧን እይዝለታለሁ። ባለፈው ነሐሴ አንድ ቅዳሜ፣ ዝናቡ ቆርቆሮውን እየደበደበ መንገደኛው ሁሉ ወደ ውስጥ በተጠለለበት ሰዓት፣ ተራውን ይጠብቅ የነበረ አንድ የአሥራ አንደኛ ክፍል ተማሪ ስልኩን ወደ እኔ ዘርግቶ «ጋሼ፣ አዲሱ የመንገድ ላይ ኳስ ጌም ተሰረዘ እኮ!» አለኝ። መልሱን የሰጠው የወንድሜ ልጅ ነበር፦ «መቼሳ ይወጣል ተባለና ነው የሚሰረዘው?» ተማሪው ጥቂት ዝም ብሎ «ይወጣል ሲባል ነበራ» አለ። ማን እንዳለው ግን ሊነግረን አልቻለም።

ያን ዕለት ማታ ሂሳብ ስዘጋ ይህ ምልልስ ከሐሳቤ አልወጣም። ስለ ስፖርት ጨዋታዎች የሚናፈሰውን ወሬ ስንቀበል የምንሠራቸው ስህተቶች አብዛኞቹ በዚያች አጭር ንግግር ውስጥ ነበሩ። አንዳንዶቹን እኔም ራሴ ፈጽሜያቸዋለሁ።

ያልታወጀውን እንደታወጀ መቁጠር

«ላም አለኝ በሰማይ፣ ወተቷንም አላይ» የሚለው ተረት ለዚህ ስህተት የተተረተ ይመስላል። አንድ ጨዋታ ተሰረዘ ለማለት አስቀድሞ የሚሠራው ኩባንያ በራሱ አንደበት «እየሠራሁት ነው» ማለት ይኖርበታል። ትልልቅ ኩባንያዎች በአንድ ጊዜ በርካታ ሐሳቦችን ይሞክራሉ፤ ጥቂት ባለሙያዎች ለወራት ተቀምጠው አንድ ሜዳ፣ ሁለት ቡድንና ጥቂት እንቅስቃሴ ያለው ናሙና ያዘጋጃሉ፤ ኃላፊዎችም ናሙናውን አይተው ወይ በጀት ይመድቡለታል ወይ እዚያው ያስቀሩታል። ብዙ ሐሳብ በዚህ ደረጃ ይቀራል። ይህም የመሥሪያ ቤቱ የዘወትር ሥራ ነው እንጂ ለተጫዋቹ የተገባ ቃል ታጠፈ የሚያሰኝ አይደለም።

እውነተኛ ስረዛ ምን እንደሚመስል ማወቅ የሚፈልግ ሰው የእግር ኳስ ክለብ ማሠልጠኛና ማስተዳደሪያ የሆነው ፉትቦል ማናጀር 25 የገጠመውን ይመልከት። ስፖርትስ ኢንተራክቲቭ የተባለው የእንግሊዝ ስቱዲዮና ባለቤቱ ሴጋ ጨዋታውን በይፋ አስታውቀው፣ ቅድመ ክፍያ ተቀብለው፣ የመውጫ ጊዜውንም ሁለት ጊዜ ካራዘሙ በኋላ ጥር 29 ቀን 2017 ዓ.ም. መሰረዙን ራሳቸው ተናገሩ፤ ቀድመው ለከፈሉትም ገንዘባቸው እንደሚመለስላቸው አሳወቁ። ኤንቢኤ ኢሊት 11 የተባለው የአሜሪካው ኩባንያ የኤሌክትሮኒክ አርትስ የቅርጫት ኳስ ጨዋታም እንዲሁ፣ በፈረንጆቹ 2010 የሙከራ ቅጂው ለሕዝብ ከተለቀቀ በኋላ ቀርቷል፤ በሙከራው ላይ አንድ ተጫዋች ሁለት እጆቹን ግራና ቀኝ እንደዘረጋ በሜዳው መካከል ተገትሮ የሚታይበት ቪዲዮ እስከ ዛሬ ያስቃል። በሁለቱም ዘንድ ሰው ያየው፣ የነካው ወይም የከፈለበት ነገር ስለነበረ «ተሰረዘ» የሚለው ቃል ማረፊያ አለው።

የእኛ ተማሪ ያወራው የመንገድ ላይ ኳስ ግን ከዚህ ይለያል። ፊፋ ስትሪት የተባለው የመንገድ ላይ ኳስ ጨዋታ የመጨረሻው የወጣው በፈረንጆቹ 2012 ሲሆን፣ ሐሳቡ በፊፋ 20 ውስጥ ቮልታ በሚል ስም እንደ አንድ ክፍል ተመልሶ ነበር። ከዚያ ወዲህ «ራሱን ችሎ ሊመጣ ነው» የሚለው ወሬ በየጊዜው ይነሣል። እዚህ ላይ ልብ ሊባል የሚገባው ወሬኛው ያለበት ሁኔታ ነው። «ምስጢር አግኝቻለሁ፣ በዚህ ዓመት ይወጣል» ብሎ ተከታይ የሰበሰበ ሰው፣ ዓመቱ ሲያልቅ ጨዋታው ካልመጣ «ተሳስቻለሁ» ወይም «ተሰርዟል» ከማለት ሌላ መንገድ የለውም። የመጀመሪያው ተከታይ ያሳጣዋል፤ ሁለተኛው ደግሞ ሌላ ትኩስ ወሬ ይሆንለታል። ሁለተኛው ወሬ የመጀመሪያውን ዕዳ ከፈለለት ማለት ነው። እኛም ስረዛውን ስናምን፣ ጨዋታው መኖሩን ማንም ሳያረጋግጥልን አብረን አመንን።

ይህን ስል ያልታወጀ ጨዋታ በሥራ ላይ እያለ ፈጽሞ አይቋረጥም ማለቴ አይደለም፤ ይቋረጣል፣ አንዳንዴም ጋዜጠኞች ይደርሱበታል። እንዲህ ያለው ዘገባ ግን የጸሐፊው ስም ይኖረዋል፣ ስንት የሥራው ቅርብ ሰዎች እንደነገሩት ይገልጻል፣ ኩባንያው ተጠይቆ ምን እንዳለም ይጨምራል። ነገርን ከሥሩ፣ ውሃን ከጥሩ እንዲሉ፣ እነዚህ ሦስቱ ከሌሉበት ያነበብነው ዘገባ ሳይሆን ግምት ነው።

ሁሉንም «ተሰረዘ» ብሎ መተርጎም

በአማርኛ የሚጽፉ ቻናሎች የእንግሊዝኛውን ዜና ሲያቀርቡ አራት የተለያዩ ነገሮችን በአንድ ቃል ይጠቀልሏቸዋል። ዲሌይድ ማለት ቀኑ ተራዘመ ነው፤ ኦን ሆልድ ማለት ሥራው ለጊዜው ቆመ፣ ሠራተኞቹም ወደ ሌላ ሥራ ተዛወሩ ነው፤ ሪቡትድ ማለት የተሠራው ተትቶ እንደገና ተጀመረ ነው፤ ካንስልድ የሚለው ብቻ ተሰረዘ ይባላል። ዩኤፍኤል የተባለው የእግር ኳስ ጨዋታ መስከረም 2 ቀን 2017 ዓ.ም. ይወጣል ከተባለ በኋላ ወደ ኅዳር 26 ተራዝሞ በዚያው ቀን ወጥቷል። ያን ሰሞን «ቀረ» እያለ ያወራ ሰው ሁለት ወር ከሃያ አራት ቀን ብቻ መታገሥ ነበረበት። አማርኛችን ቃል አላነሰውም፤ ተራዘመ፣ ቆመ፣ ተቋረጠ፣ ተተወ፣ ተሰረዘ እያልን መለየት ስንችል ሁሉንም ወደ አስደንጋጩ የምናዞረው አስደንጋጩ ስለሚነበብ ነው።

ቀንንና ዘመንን ማደባለቅ

ይህ ስህተት የእኛው አገር ብቻ ነው ማለት ይቻላል። የስፖርት ጨዋታዎች ስማቸው ላይ የሚለጥፉት ቁጥር የፈረንጆቹን ዘመን፣ ያውም የሚቀጥለውን ዓመት የሚያመለክት ነው። የኤሌክትሮኒክ አርትስ የእግር ኳስ ጨዋታ ኢኤ ስፖርትስ ኤፍሲ 25 የወጣው በፈረንጆቹ 2024፣ በእኛ መስከረም 17 ቀን 2017 ዓ.ም. ማለትም የመስቀል ዕለት ነበር። ስለዚህ አንድ ጨዋታ ሦስት ዘመን ተሸክሞ ይመጣል፦ ስሙ 25፣ የፈረንጆቹ ዓመት 24፣ የእኛው 17። «በ2017 የተሰረዘ ጌም» የሚል ጽሑፍ ያነበበ ሰው የየትኛውን ዘመን እንደሆነ ካልጠየቀ የሰባት ወይም የስምንት ዓመት ወሬ እንደ ትኩስ ሊያወራ ይችላል። በዚህ ላይ በእኛ አካባቢ የሞባይል ኢንተርኔት ለረጅም ጊዜ ተቋርጦ ሲመለስ፣ የተጠራቀመው መልእክት ሁሉ በአንድ ቀን እንደሚጎርፍ እናውቃለን፤ የመጣበትን ቀን የተጻፈበት ቀን አድርጎ መውሰድ ከዚያ የመጣ ልማድ ነው።

መጋቢት 23ንም መርሳት አይገባም። በፈረንጆቹ ኤፕሪል 1 የሆነው ይህ ቀን ፌዝ እንደ ዜና የሚለቀቅበት ቀን ሲሆን፣ የጨዋታ ኩባንያዎች ራሳቸው ይቀልዱበታል። ቀልዱ ተተርጉሞ እኛ ዘንድ ሚያዝያ ላይ ሲደርስ ቀኑ ስለሚጠፋ ፌዝነቱም አብሮ ይጠፋል።

ምስክሮቹን በቁጥር መመዘን

ተማሪው «አንድ ቦታ ብቻ አይደለም፣ በሦስት ቻናል ነው ያየሁት» ብሎ ተከራከረ። ስልኩን ተቀብዬ ሦስቱንም ስክሪንሾቶች አስተያየሁ። አንደኛው ከላይ የቻናሉ ስም ተጽፎበታል፣ ሁለተኛው ቀይ ክብ ተሥሎበታል፣ ሦስተኛው ከታች ተቆርጧል። በሦስቱም ጥግ ላይ ግን የባትሪው ምልክት 17 በመቶ ይላል። ሦስት ሰዎች የመሰከሩ መስሎት የነበረው፣ አንድ የማይታወቅ ሰው ባትሪው ሊያልቅ ሲል ያነሣው አንድ ሥዕል ነበር።

ከገበያ መነሣትን ከስረዛ ጋር ማምታታት

የዓለም እግር ኳስ ማኅበር ፊፋና ኤሌክትሮኒክ አርትስ በፈረንጆቹ 1993 የጀመሩትን የስም ስምምነት እንደማይቀጥሉ የተነገረው ግንቦት 2 ቀን 2014 ዓ.ም. ነበር። ፊፋ 23 በዚያ ስም የኩባንያው የመጨረሻ ሆነ፤ ቀጣዩ ኤፍሲ 24 ተባለ። አዲሱ ሊወጣ ሲል የቀድሞዎቹ የፊፋ ጨዋታዎች ከኢንተርኔት መደብሮች ተነሡ፤ በእኛ ሰፈርም «ፊፋ ተሰረዘ» ተባለ። የተሰረዘ ጨዋታ ግን አልነበረም፤ የቆመው አዲስ ቅጂ በኢንተርኔት መሸጥ ነው፣ በእጅ ያለው ዲስክም እንደወትሮው ይሠራል። በቤታችን ዛሬም ኤፍሲ ለመጫወት የሚመጣው ሁሉ «ፊፋ ክፈትልኝ» ነው የሚለው፤ እኔም አላርመውም። የኮናሚ ኩባንያ የእግር ኳስ ጨዋታ ፒኢኤስ በፈረንጆቹ 2021 ስሙን ወደ ኢፉትቦል ሲለውጥም ተመሳሳይ ለቅሶ ነበር።

ዝምታን እንደ ማረጋገጫ መውሰድ

«ውሸት ቢሆን ኖሮ ኩባንያው ያስተባብል ነበር» የሚለው ክርክር ብልህ ይመስላል፤ ነገር ግን ሽማግሌ ፊት ቆሞ ዝም ያለን ሰው ጥፋተኛ ከምንልበት ልማድ የተወሰደ ነው። የጨዋታ ኩባንያ ለአንዱ ወሬ መልስ ከሰጠ ለሚቀጥለው ዝም ማለት ስለማይችል ለሁሉም ዝም ማለትን ይመርጣል። ዝምታው ራሱ ወደየትኛውም ሊያመራ ይችላል። የአሜሪካ ኮሌጆች የአሜሪካን ፉትቦል (በእጅም የሚያዘው ኳስ) ጨዋታ በፈረንጆቹ 2013 ከወጣ በኋላ፣ ተማሪ ተጫዋቾች ሳይከፈለን በስማችንና በመልካችን ተነገደብን ብለው ባነሡት የፍርድ ቤት ክርክር ምክንያት ተቋረጠ፤ ሁሉም ሞተ ሲለው በፈረንጆቹ 2021 እንደሚመለስ ተነገረ፣ ሐምሌ 12 ቀን 2016 ዓ.ም. ኮሌጅ ፉትቦል 25 በሚል ስም ወጣ። በአንጻሩ የቅርጫት ኳሱ ኤንቢኤ ላይቭ 19 በፈረንጆቹ 2018 ከወጣ በኋላ እንደ ፕሌይስቴሽን ላሉ ኮንሶሎች ተከታይ ጨዋታ አልወጣለትም። ሁለቱም ዝምታ ነበሩ።

ከዝምታው ጎን የሚቆጠሩ ትንንሽ ምልክቶች አሉ። አንድ ባለሙያ በሥራ ታሪኩ ላይ «ያልተገለጸ የስፖርት ፕሮጀክት» ብሎ ይጽፋል፤ ጨዋታው አለ ይባላል። ያው ሰው ጽሑፉን ያነሣል ወይም ሥራ ይለቅቃል፤ ጨዋታው ተሰረዘ ይባላል። ሰው ሥራ የሚለቅቀው በብዙ ምክንያት መሆኑን ከእኛ መካከል የማያውቅ የለም፤ ስለ ሩቅ አገር የጨዋታ መሐንዲስ ሲሆን ግን እንረሳዋለን። ኤሌክትሮኒክ አርትስ በፈረንጆቹ የካቲት 2024 ከሠራተኞቹ 5 በመቶ ያህሉን እንደሚቀንስ ሲያስታውቅ፣ በዚያው ጊዜ አንድ በሥራ ላይ የነበረ የስታር ዎርስ ተኩስ ጨዋታ ማቆሙንም በግልጽ ተናግሯል። ማቆሙ የተነገረለት እሱ ሆኖ ሳለ፣ የሠራተኛ ቅነሳ በተሰማ ቁጥር ያልተጠቀሰን ጨዋታ ሁሉ አብሮ መቅበር ልክ አይደለም።

በወሬው ላይ ገንዘብ ማንቀሳቀስ

እስካሁን ያነሣኋቸው ከጨዋታ ቤት ክርክር አያልፉም፤ ይህኛው ግን ኪስ ይነካል። ከሁሉ የከፋው «የተሰረዘው ጨዋታ የሙከራ ቅጂ እጃችን ገብቷል፣ በዚህ ሊንክ ገብታችሁ አካውንታችሁን አስገቡ» የሚለው ነው። የተሰረዘም ሆነ ያልታወጀ ጨዋታ ቅጂ የይለፍ ቃል ለሰጠ ሁሉ አይታደልም፤ አንድ ደንበኛችን በዚህ መንገድ የሦስት ዓመት አካውንቱን አጥቷል።

ሌላው ከደምበጫ የሚመጣ አንድ ጎልማሳ ደንበኛ ነው። በዚያው ነሐሴ «ከእንግዲህ አዲስ ነገር አይመጣም፣ ጌሙ ሁሉ እየተሰረዘ ነው» የሚል ድምፅ በቲክቶክ ሰምቶ፣ ፕሌይስቴሽኑን ከሁለት ጆይስቲክ ጋር በከረጢት አንጠልጥሎ መጣና የገዛበትን ግማሽ እንኳ የማይሞላ ዋጋ ጠራ። እኔ ወሬውን አስረድተነው ይዞት ይመለስ ባይ ነበርኩ። የወንድሜ ልጅ አስረዳው፤ ሰውየው «እናንተ ነጋዴዎች ናችሁ፣ ለማባበል ነው» ብሎ አላመነውም፤ ከዚያ በኋላ የወንድሜ ልጅ ገዛው። አድራጎቱ ትክክል መሆኑን እስከ ዛሬ አልቆረጥኩም።

ዕቃው አሁን በሦስተኛው ስክሪን ሥር ተቀምጧል። ሰውየው ለገበያ ማርቆስ በሚመጣበት ቅዳሜ ብቅ ይልና፣ ከሁለቱ ጆይስቲኮች አንዷ ጠርዟ ላይ የተፋቀች ስለሆነች ለይቶ እሷኑ ይዞ ይቀመጣል። ደንባችን ተሸናፊ ይከፍላል ስለሆነ፣ አብዛኛውን ጊዜ የሚከፍለው እሱ ነው።