የክረምቱ ሽታ ከቤት እንዴት ወጣ

ደብረ ብርሃን ከባሕር ጠለል በላይ 2,800 ሜትር ገደማ ላይ ናት። መስከረም ጠብቶም እዚህ ያለው ቤቴ እርጥበት እርጥበት ይሸት ነበር። እጣን ሽታውን ይሸፍነዋል እንጂ አያጠፋውም፤ መጀመሪያ ማድረቅ ነው።

ብርድ ልብሱንና ፍራሹን ፀሐይ ላይ አሰጣሁ። ቁም ሳጥኑን ከግድግዳው ፈቀቅ ሳደርገው ሻጋታው ተገኘ! በበረኪና ጠርጌ በደንብ አደረቅሁት። ከዚያ በርና መስኮት ከፍቼ የወይራ እንጨት አጨስኩ። የከሰል ጭስ በተዘጋ ቤት ይገድላል፤ በዚህ ቀልድ የለም።

አሁን ወለሉ ላይ ቀጤማ ተጎዝጉዟል። አደይ አበባ ውበቷ ለዓይን ነው፤ መዓዛው እንዲመጣ አሪቲና ጠጅ ሳር አብሬ ማሰሮ ውስጥ አደረግሁ። አሪቲውን በጣታችሁ አሸት አሸት አድርጉት፣ ቤቱ ወዲያው ያውዳል። ቀጤማው ሲጠወልግ ግን ቶሎ ጥረጉት፤ እርጥቡ ከሰነበተ እሱም ይሸታል።