በኩርድ መንደሮች የባህል ሕክምና ሊያስወግዷቸው የሚገቡ ስህተቶች

በደቡብ ምሥራቅ ቱርክ፣ በሰሜን ኢራቅና በምዕራብ ኢራን ባሉ የኩርድ መንደሮች የመጀመሪያው ሐኪም ቤት እናት ናት፤ ከዚያ ወጌሻው፣ ከዚያም የመፈወስ ፀጋ በዘር እንደሚወርድለት የሚታመን ቤተሰብ ይከተላል። ጉዳት የሚደርሰው በአብዛኛው በመጠን፣ በአስተሳሰርና በሰዓት ስህተት ነው።

ስብራትን አጥብቆ ማሰር። ከሁሉም የከፋው ይኸ ነው፤ የእኛ አገር ወጌሻዎችም ይሳሳቱበታል። እንጨቱ ተደርድሮ ጨርቁ ሲጠመጠም ክንዱ ገና አላበጠም። እብጠቱ እስከ 2ኛውና 3ኛው ቀን ይጨምራል፣ ማሰሪያው ግን አይሰፋም። ደም መዘዋወር ሲያቅተው ጡንቻ በ6 ሰዓት ገደማ መሞት ይጀምራል፤ እጅ እስከ መቆረጥ ይደርሳል። ስለዚህ ጣቶቹ ከማሰሪያው ውጪ ይሁኑ። ጥፍሩን ተጭነው ይልቀቁት፤ በ2 ሰከንድ ውስጥ ካልቀላ፣ ጣቶቹ ከቀዘቀዙ ወይም ከደነዘዙ፣ ማሰሪያውን እስከ ቆዳው ፈትተው ወዲያው ወደ ሆስፒታል ይውሰዱት። ጥፍሩ ቢቀላም እንኳ፣ ጣት ሲዘረጋ ታማሚው የሚጮህ ከሆነ አይጠብቁ። «ቻል አድርገው፣ አጥንቱ እየገጠመ ነው» ብሎ ማባበል እጅ ያሳጣል።

እፉኝት የነደፈውን እግር መብጣትና በገመድ ማሰር። የአካባቢው እፉኝት መርዝ ሥጋ ያበሰብሳል፣ ደም እንዳይረጋም ያደርጋል። ገመዱ መርዙን አንድ ቦታ ያከማቸዋል፤ ምላጩ ደግሞ የማይቆም መድማት ያመጣል። የዚዲዎች፣ ማለትም የራሳቸው ሃይማኖት ያላቸው ኩርድኛ ተናጋሪዎች፣ ለእባብ ንድፊያ የሚሄዱት በእባብ ላይ ሥልጣን አለው ብለው ወደሚያምኑበት ቅዱስ፣ ወደ ሼኽ መንድ ዘር ነው። ጸሎቱ ወደ ሆስፒታል በሚወስደው መኪና ውስጥም ሊደርስ ይችላል። እግሩ ሳይንቀሳቀስ ይቀመጥ፤ ቀለበትና ጫማ ይውለቅ።

የዱር ኪያር ጭማቂን አፍንጫ ውስጥ መጨመር። ፍሬው ሲበስል በትንሽ ንክኪ ፈንድቶ ዘሩን የሚረጨው ተክል ነው፤ ለሳይነስና ለወፍ በሽታ ይታመንበታል። ያልተቀጠነ ጥቂት ጠብታ እንጥልን አሳብጦ ትንፋሽ ሊዘጋ ይችላል። በውሃ አቅጥኖ መጠቀምም ዋስትና አይደለም፣ የአንዱ ፍሬ ጥንካሬ ከሌላው ይለያያልና። ጭራሽ ይቅር።

ራናንኩለስ የሚባለውን ባለቢጫ አበባ ተክል እርጥቡን ወቅጦ ለጉልበት ሕመም ማሰር። ሲወቀጥ የሚወጣው ንጥረ ነገር ቆዳን እንደ እሳት ያቃጥላል፤ አድሮ ሲፈታ ጉልበቱ ላይ ውሃ የቋጠረ ቁስል ይገኛል።

ለሕፃናት ማር ማላስ። ከ1 ዓመት በታች ጠብታም ቢሆን አይሰጥም፤ በውስጡ ሊኖር የሚችለው የቦቱሊዝም ተሕዋስ ሕፃኑን ሽባ ያደርጋል።