ተማሪ የሚመርጠው የምሁር ሽልማት፦ እኛ የሠራናቸው ስህተቶች

ድሬ ተማሪ ሳለን፣ ከኢኮኖሚክስና ከሶሻል ሳይንስ መምህራን መሀል «የዓመቱን ምሁር» ተማሪው ራሱ ይምረጥ ብለን ተነሳን። እኔም ኮሚቴ ነበርኩ። ሐሳቡ ጥሩ ነበር። አፈጻጸሙን ግን አቦ ተዉት! እንዲህ ያለ ሽልማት ለማዘጋጀት የምታስቡ ካላችሁ የኛን አትድገሙት።

ትልቁ ስህተታችን ምርጫውን ለቴሌግራም ፖል መተዋችን ነው። ማታ ለቀቅነው፤ ጠዋት ስንነሳ የኢኮኖሚክስ እጩ ጠራርጎ ወስዶታል። ምን ይገርማል? ዲፓርትመንቱ ብዙ ተማሪ አለው። ሶሺዮሎጂ በዚያች እፍኝ በምታክል ባች ምን ያድርግ? ይባስ ብሎ፣ ከመረጡት ውስጥ የእጩዎቹን ጥናት ያነበበ ማን አለ ብለን ስንጠይቅ እጅ ያወጡት ሁለት ልጆች ናቸው። ከየዲፓርትመንቱ እኩል አንባቢ ይመረጥ። ከእያንዳንዱ እጩ ሁለት ሁለት ሥራ ይሰጣቸው፤ አንብበው፣ ተከራክረው ይወስኑ። ፈረንሳይ ውስጥ የሁለተኛ ደረጃ ተማሪዎች ከእ.ኤ.አ. 1988 ጀምሮ የራሳቸውን የጎንኩር የሥነ ጽሑፍ ሽልማት የሚሰጡት ልብ ወለዶቹን አንብበው፣ ተከራክረው ነው።

«ኤ» የሚረጭ መምህር ይወደዳል። መወደድ ሌላ፣ ምሁርነት ሌላ።

የጽሑፍ ብዛት መቁጠርም ያሳስታል። ገንዘብ ከከፈሉት ሁሉንም የሚያትም ጆርናል ሞልቷል።

ከሁሉ የሚቆጨኝ ግን ይሄ ነው። አንድ የአንትሮፖሎጂ መምህር ነበር። እዚያው ድሬዳዋ፣ ታይዋን የሚባለው ገበያ ከሻጮቹ ጋር በርጩማ ላይ ተቀምጦ ይውላል። ያለ ወረቀት፣ ያለ ፊርማ ዱቤ እንዴት እንደሚሰጣጡ፣ የካደውስ ምን እንደሚገጥመው ይጠይቃል፣ ይጽፋል። እኛ እጩ እንኳ አላደረግነውም። «ሪግሬሽን የለውም» አለ አንዱ፤ የኢኮኖሚክስ ሰዎች የሚወዱትን የስታቲስቲክስ ስሌት ማለቱ ነው። ሌሎቻችን ዝም አልን። እ.ኤ.አ. በ2009 የኢኮኖሚክስ ኖቤል ከተሰጣቸው ሁለት ሰዎች አንዷ ኤሊኖር ኦስትሮም የፖለቲካ ሳይንስ ምሁር ነበረች። የተሸለመችውም ሰዎች ግጦሽን፣ የመስኖ ውኃን፣ የዓሣ ማስገሪያን በጋራ እንዴት እንደሚያስተዳድሩ በማጥናቷ ነው። እ.ኤ.አ. በ2002 ከተሸለሙት አንዱ ዳንኤል ካነማን ደግሞ የሥነ ልቦና ሰው ነበር።

ስለ ኖቤል ካነሳን አይቀር፣ በጥሪ ወረቀታችን ላይ «አልፍሬድ ኖቤል በኑዛዜው ለኢኮኖሚክስ እንደተወው» ብለን ጽፈን ነበር። ኑዛዜው ውስጥ ኢኮኖሚክስ የለም። የኢኮኖሚክሱን ሽልማት ያቋቋመው የስዊድን ብሔራዊ ባንክ ነው፣ እ.ኤ.አ. በ1968፤ መጀመሪያ የተሰጠውም በ1969 ነው። አንድ መምህር ወረቀቱን በቀይ እስክሪብቶ አርመው መለሱልን።

የምስክር ወረቀቱ ላይ ደግሞ «ላበረከቱት የላቀ አስተዋፅኦ» ብለን ብቻ አተምን። የትኛው ሥራ፣ ለምን እንደተመረጠ በሁለት መስመር መጻፍ አለበት። ስጦታውም ጋቢ ነበር። በድሬ ሙቀት፣ ጋቢ! አሸናፊው ጋቢውን ብብታቸው ሥር ሸጎጡ፣ ላባቸውን ጠረጉና ማይኩን ያዙ።

«ልጆች፣ እግዜር ይስጥልኝ። የትኛውን ሥራዬን ነው የወደዳችሁት?»

ኮሚቴው እርስ በርስ ተያየ።