ጌም ፎልደር ውስጥ ያለችውን «ጋላክሲ 64» አትሰርዟት

ጎግ (GOG) ከሚባለው የጌም መሸጫ ድረገጽ የገዛችሁትን ጌም ስትጭኑ፣ «ጋላክሲ» የሚባለውን የጎግ አፕ ባትፈልጉትም ፎልደሩ ውስጥ «ጋላክሲ 64» የምትል ዲኤልኤል ፋይል (ፕሮግራም ሲሠራ የሚጠቀምበት የኮድ ፋይል) ልታገኙ ትችላላችሁ። «ይሄ እኮ አያስፈልገኝም» ብላችሁ እንዳትሰርዟት!

አፑ አማራጭ ነው። ባይኖርም ብቻችሁን ስትጫወቱ ጌሙ ይሠራል። የሚቀርባችሁ አቺቭመንት፣ ክላውድ ላይ የሚቀመጥ ሴቭ፣ አንዳንዴም ከሌሎች ጋር በኦንላይን መጫወት ነው። ፋይሏ ግን ሌላ ነገር ናት። ብዙ ጌሞች ገና ሲከፈቱ በስሟ ይፈልጓታል። ካጧት ዲኤልኤል አልተገኘም የሚል መልዕክት ይወጣና ጌሙ እዚያው ይቀራል። ቦታ ለማትረፍ ከሆነ ደግሞ፣ በጊጋባይት ከሚቆጠር ጌም ላይ እሷን ማንሳት ምንም አይጠቅምም።

የሌላው ጌም መሸጫ የስቲም ፋይል «ስቲም ኤፒአይ 64»ም እንደዚሁ ናት።

አንቲቫይረስ ወስዷት ወይም ተሰርዛ ከሆነ፣ ዲኤልኤል ከሚያድሉ ድረገጾች በጭራሽ አታውርዱ፤ ቫይረስ ሊኖርበት ይችላል። ስቲም ላይ ጌሙን በቀኝ ክሊክ ነክታችሁ በፕሮፐርቲስ በኩል ፋይሎቹን አስፈትሹ፤ የጎደለውን ራሱ ያወርደዋል። የጎግ ከሆነ በዋናው ኢንስቶለር ድጋሚ ጫኑት። ጌሙ ኢንተርኔት እንዳይነካ ብቻ ከፈለጋችሁ፣ ፋይል ሳትነኩ በፋየርዎል ኢንተርኔቱን ዝጉበት።