የእንግዳ ቤትዎ ድምፅ ጎረቤት እንዳያውክ ምን ያድርጉ? ለወሎ ከተሞች ነዋሪዎችና ቤት አከራዮች

ደሴ ላይ ከእናቴ የወረስሁትን ቤት በቀን ሒሳብ ለእንግዳ ማከራየት በጀመርሁበት ዓመት፣ አንድ ቅዳሜ ምሽት አጥር የምንጋራቸው እማማ ልጃቸውን ልከው አስጠሩኝ። የጠበቅሁት ቁጣ ነበር። እርሳቸው ግን «ና እስቲ ልጄ፣ አረፍ በል» ብለው መደቡ ላይ አስቀመጡኝና ዝም አሉ። እኔም ዝም አልሁ። ከግድግዳው ማዶ እንግዶቼ ምርቃት እያከበሩ ነበር። ዘፈኑ ምን እንደሚል አይለይም፤ የሚሰማው ድው ድው ማለቱ ብቻ ነው። በየምቱ ረከቦቱ ላይ የተደፉት ስኒዎች እርስ በርሳቸው እየተነካኩ ይንቀጫቀጫሉ። ያንን አንድ ደቂቃ ያህል ከሰማሁ በኋላ ተነሥቼ ሄጄ ሙዚቃውን አስጠፋሁ።

እስከዚያ ቀን ድረስ ድምፁን የማዳምጠው ከራሴ ግቢ ሆኜ ነበር፤ ከግቢዬ ሲሰማ ደግሞ ያን ያህል አይመስልም። ከዚያ ወዲህ የተማርሁትን በቅደም ተከተል ላስቀምጠው። ቤት ለሚያከራየውም፣ በሚከራይ ቤት አጠገብ ለሚኖረውም ይሆናል።

1. ሕጉ የሚለውን ይወቁ

በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በቁጥር 1225 ላይ ባለንብረት በንብረቱ ሲጠቀም ጎረቤቱን እንዳይጎዳና እንዳያውክ ይከለክላል። ጭስ፣ ጥላሸት፣ መጥፎ ሽታ፣ ድምፅና ንዝረት ከመልካም ጉርብትና ልክ ማለፍ የለባቸውም። ንዝረት የሚለውን ልብ ይበሉ፤ የእማማን ስኒዎች ያንቀጫቀጨው እርሱ ነው። ልኩ አልፏል ወይስ አላለፈም ለማለት ደግሞ ሕጉ የአካባቢው ልማድ እንዲታይ ያዛል። ይህ ለወሎ ትልቅ ነገር ስለሆነ በሚቀጥለው ደረጃ እመለስበታለሁ።

ቁጥር ለሚፈልግ ቁጥርም አለ። የአካባቢ ብክለት ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 300/1995 የድምፅ መጠን ወሰን እንዲወጣለት ይደነግጋል። በአገር አቀፍ ደረጃ የወጣው ወሰን ለመኖሪያ ሰፈር ቀን 55፣ ሌሊት 45 ዴሲቤል ነው። ለንግድ አካባቢ 65 እና 55፣ ለኢንዱስትሪ አካባቢ 75 እና 70 ነው። ሌሊት የሚባለው ከምሽቱ 3 ሰዓት እስከ ጠዋቱ 12 ሰዓት ያለው ጊዜ ነው። ለማነጻጸር ያህል፣ ፊት ለፊት ተቀምጠው የሚጫወቱ ሁለት ሰዎች ድምፅ 60 ዴሲቤል ገደማ ይደርሳል። ዴሲቤል እንደ ኪሎ የሚደመር መለኪያ አይደለም፤ 10 ሲጨምር የድምፁ ኃይል 10 እጥፍ ይሆናል። ስለዚህ ከ3 ሰዓት በኋላ «ትንሽ ቀነስ አድርገነዋል» ማለት ብዙ ጊዜ አይበቃም።

ከዚህ ሌላ የ1996ቱ የወንጀል ሕግ የሰውን ሥራና ዕረፍት በጩኸት ማወክን በደንብ መተላለፍ ይቀጣል። ደሴም ይሁን ኮምቦልቻ፣ ወልድያም ይሁን ላሊበላ፣ ከተማ አስተዳደሩ የራሱ ደንብ እንዳለው ቀበሌዎን ይጠይቁና ካለ ቅጂውን ይያዙ።

2. የሰፈሩን ልማድ በቃል ሳይሆን በወረቀት ይያዙ

ሕጉ የአካባቢው ልማድ ይታይ ካለ፣ ልማዱን ማወቅ የአከራዩ ግዴታ ነው። የሰፈሩ ሰው ሳይነገረው የሚያውቀውን፣ ከአዲስ አበባ ወይም ከውጭ አገር የመጣ እንግዳ ሊያውቀው አይችልም።

በእኛ አገር የመጀመሪያው ልማድ ለቅሶ ነው። ሰፈር ውስጥ ሰው ከሞተ ሙዚቃ የለም፣ ሰዓት አይጠየቅም፣ ክርክርም የለም። ቅሬው፣ ሌላው አገር ዕድር የሚለው፣ ጥሪ ሲያደርግ እርስዎ ከተማ ውስጥ ላይኖሩ ስለሚችሉ፣ ከቅሬው መሪዎች አንዱ ስልክዎን እንዲይዝ ያድርጉ። ድንኳን ከተተከለበት ቤት ሦስተኛው በር ላይ ጭፈራ ሲሰማ ማየት እጅግ ያሳፍራል፤ እንግዶቹ ሳያውቁ ቢያደርጉት እንኳ ነውሩ የሚቀረው በባለቤቱ ላይ ነው።

ሁለተኛው የእምነቱ ጊዜ ነው። አንድ ግድግዳ ተጋርተው ሙስሊምና ክርስቲያን በሚኖሩበት፣ አንዳንዴም አንድ ቤተሰብ ውስጥ ሁለቱም ባሉበት አገር ቀን መቁጠሪያው ድርብ ነው። በረመዳን ጎረቤት ከተራዊሕ ሶላት መልስ ጥቂት ተኝቶ ለስሑር ምግብ ይነሣል፤ ያቺን ጥቂት እንቅልፍ መቀማት ከባድ በደል ነው። በዐቢይ ጾምና ከነሐሴ 1 እስከ 15 ባለው ፍልሰታ ደግሞ ሌሊት ተነሥቶ ኪዳን የሚሄድ ጎረቤት አለ። ላሊበላ ላይ ታኅሣሥ 29 ለገና ቤቱን የሚያከራይ ሰው፣ በረንዳው ሁሉ ከሩቅ በእግሩ የመጣ ምእመን የሚያርፍበት መሆኑን ለእንግዳው አስቀድሞ ይንገር።

በተቃራኒውም ሐቀኛ ይሁኑ። ቤትዎ ከመስጊድ ወይም ከቤተ ክርስቲያን አጠገብ ከሆነ አዛኑና ቅዳሴው ገና ሳይነጋ እንደሚሰማ ሲያስተዋውቁ ይግለጹ። «ፍጹም ጸጥታ» ብሎ ማከራየትና እንግዳው ሲያማርር ወደ ሰፈሩ ጣት መቀሰር ትክክል አይደለም። እንግዳው የመጣው ወደዚህ ሰፈር ነው።

3. ጎረቤት ቤት ገብተው ያዳምጡ

ከምሽቱ 3 ሰዓት በኋላ እንግዳ ይከፍታል ብለው የሚገምቱትን ያህል ሙዚቃ ቤትዎ ውስጥ ከፍተው ይውጡ። ጎረቤትን አስፈቅደው መኝታ ቤታቸው ውስጥ ቁጭ ይበሉ። መጀመሪያ ሙዚቃው ጠፍቶ፣ ቀጥሎ ተከፍቶ ያዳምጡ። የስልክ ድምፅ መለኪያ መተግበሪያ ካለዎት ሁለቱንም ጊዜ ይለኩና ልዩነቱን ይመዝግቡ። ስልክ ግምት ብቻ ነው የሚሰጠው፤ በተለይ ጥልቁን ድምፅ፣ ቤዝ የምንለውን፣ አሳንሶ ያሳያል። ስለዚህ ከቁጥሩ ይልቅ የሚንቀጠቀጠውን ዕቃ ይመኑ።

ደሴ ላይ ከሆኑ ቁልቁል ያለውን ቤት አይርሱ። በጦሳ ሥር ባለው ተዳፋት ላይ የአንዱ ግቢ ከሌላው ጣሪያ ጋር እኩል ነው፤ ግቢ ውስጥ የተቀመጠ ድምፅ ማጉያ ቀጥታ ታች ባለው ቆርቆሮ ላይ ይፈስሳል። ሰማዩ ጠርቶ በሚቀዘቅዝበት ሌሊት ደግሞ ቀዝቃዛው አየር ከሥር ስለሚተኛ ድምፅ ወደ ላይ ከማምለጥ ይልቅ ወደ መሬት ይታጠፋል። ቀን የማይሰማ ጨዋታ ሌሊት ሁለት ሰፈር አልፎ የሚሰማው ለዚህ ነው።

4. ቤቱን ያስተካክሉ

ብዙ ሰው ገንዘቡን ግድግዳ ላይ ያፈሳል። የእንጨትና ጭቃ ግድግዳ ግን ወፍራምና ከባድ ስለሆነ ድምፅን በመያዝ ከቆርቆሮ በብዙ ይሻላል። ድምፁ የሚወጣው ግድግዳው ጣሪያውን ከሚነካበት ክፍተት፣ ከጨርቅ ወይም ከማዳበሪያ ኮርኒስ በላይና ከበር ሥር ነው። ክፍተቱን በጭቃ ወይም በሲሚንቶ ይድፈኑ፤ መስኮት ላይ እስከ መሬት የሚደርስ ወፍራም መጋረጃ ይስቀሉ።

ከዚያ ድምፅ ማጉያውን ከወለሉና ከጋራ ግድግዳው ያርቁ። እኔ ሁለት እጥፍ ያደረግሁትን አሮጌ ምንጣፍ ከሥሩ አንጥፌ ወደ ማዶኛው ጥግ ካዞርሁት በኋላ እማማ ቤት ገብቼ አዳመጥሁ፤ ስኒዎቹ ዝም ብለዋል። ሳንቲም ያላስወጣኝ ሥራ ከሁሉም በላይ የጠቀመኝ መሆኑን ሳስብ፣ ያን ሁሉ ወር ለምን እንደዘገየሁ ይቆጨኛል።

የብረት በር ሲዘጋ የሚያወጣው ድምፅ ሰፈሩን የሚቀሰቅስ ከሆነ መዝጊያው በሚያርፍበት ቦታ ያረጀ የጎማ ላስቲክ ይለጥፉበት። ጄኔሬተር ካለዎት ከጎረቤት መስኮት ያርቁት፤ ጭሱም ያው ቁጥር 1225 ውስጥ ያለ ነው።

5. እንግዳ ሲቀበሉ ይጠይቁ፣ ይንገሩ፣ ያስፈርሙ

በደላላም ይምጣ በስልክ፣ መጀመሪያ የሚጠየቀው «ለምን ጉዳይ ነው የመጡት?» የሚለው ነው። ለመስከረም 21 ወደ ግሸን የሚወጣ ቤተሰብና የወሎ ዩኒቨርሲቲን ምርቃት ሊያከብር የመጣ የጓደኞች ቡድን አንድ ዓይነት ማሳሰቢያ አያስፈልጋቸውም። ስንት ሰው እንደሚያድርና ስንት ሰው እንደሚጠይቃቸው ለይተው ይጻፉ። ለ6 ሰው ተከራይቶ 25 ሰው የሚገባበት ቤት ያለ ሙዚቃም ይጮኻል።

የቤት ደንቡን አጭር ያድርጉት። የእኔ በሩ ጀርባ ላይ የተለጠፈው ይህን ይላል፦

«ከምሽቱ 3 ሰዓት በኋላ ድምፅ ማጉያ ግቢ ውስጥ አይከፈትም፤ ቤት ውስጥም ከበር ውጭ እስከማይሰማ ዝቅ ይላል። ከበሮና ድቤ ከ3 ሰዓት በኋላ አይመታም። መኪና በር ላይ ክላክስ አያሰማም፤ ይደውሉ፣ እንከፍታለን። ሰፈር ውስጥ ለቅሶ ካለ እንነግርዎታለን፤ ሙዚቃ ይጠፋል። ከ8 ሰው በላይ በግቢው ውስጥ አይቆይም።»

ድቤን ስጽፍ ብዙ አመንትቻለሁ። መንዙማ የወሎ ነፍስ ነው፤ ባቲና አምባሰልም ስማቸውን ለሙዚቃ ቅኝት የሰጡ አገሮቻችን ናቸው። ነገር ግን ድቤም እንደ ቤዝ ሁሉ ግድግዳ አልፎ ይሄዳል። ሌሊቱን ሙሉ ሊያመሰግን ለሚፈልግ ሰው ጎረቤት ራቅ ያለበት ቤት ይፈለግለት፤ እኔ ራሴ ሁለት ጊዜ ሐይቅ አካባቢ አፈላልጌ ሰጥቻለሁ።

መያዣ ገንዘብ ከተቀበሉ በምን ምክንያት እንደሚቀነስ ውሉ ላይ ይጻፉ። ያልተጻፈ ቅጣት መሰብሰብ ሌላ ጠብ ይወልዳል።

6. ሌሊት ስልኩን የሚያነሣ ሰው ይኑር

አከራዩ አዲስ አበባ፣ ቤቱ ወልድያ ከሆነ ከአምስት ደቂቃ በማይበልጥ መንገድ የሚደርስ ሰው ያስፈልጋል። ስልኩን በአራቱም አቅጣጫ ላሉ ጎረቤቶች በእጅዎ ይስጡ። ዘበኛው ቁጡ ባይሆን ይመረጣል፤ እንግዳ በትሕትና ሲነገረው አብዛኛውን ጊዜ ይሰማል። አንድ ጊዜ ተነግሮ ካልቀነሰ ሁለተኛው ላይ ማጉያው ይነቀላል፤ ይህንንም ሲገቡ ይንገሯቸው።

ሠርግ ወይም ምርቃት ከሆነና ድንኳን የሚተከል ከሆነ ቀበሌውን አስቀድሞ ማሳወቅ ይገባል። ለጎረቤትም ቢያንስ ከሦስት ቀን በፊት ራስዎ ሄደው ይንገሩ፤ በምን ሰዓት እንደሚያበቃም ቁርጡን ይናገሩ። ሰው የሚያስመርረው ድግሱ ሳይሆን መጨረሻውን አለማወቁ ነው።

ተቸጋሪው እርስዎ ከሆኑ

ሌሊቱን አጥር ላይ ቆሞ መጮኽ ከሰከረ ሰው ጋር ከመጣላት በቀር ምንም አያስገኝም። በዚያው ሌሊት ለባለቤቱ ወይም ለዘበኛው ይደውሉ፤ ድብድብ ወይም ለሰው የሚያሰጋ ነገር ካለ ለፖሊስ። ዋናው ንግግር ግን ጠዋት፣ ሁሉም ከተረጋጋ በኋላ ይሁን። አከራዩን ቡና ላይ ይጥሩት፤ ከተቻለም እንደ እማማ ድምፁ ባለበት ሰዓት አስገብተው ያሰሙት። ከዚህ የበለጠ ማስረጃ አላየሁም።

ካልተመለሰ በደብተር መመዝገብ ይጀምሩ፦ ቀን፣ የጀመረበትና ያበቃበት ሰዓት፣ ምን ዓይነት ድምፅ እንደነበር፣ አብሮ የሰማ ማን እንደሆነ። ሁለት ሳምንት የተሞላ ገጽ «ሁልጊዜ ይረብሸናል» ከሚል አቤቱታ ይበልጣል። ደብተሩን ይዘው ወደ ቅሬው ሽማግሌዎች ይሂዱ። ወሎ በአባጋር ሽማግሌዎቹ ደም እንኳ ያስታረቀ አገር ነው፤ የድምፅ ጉዳይ በሽማግሌ ፊት በአንድ ተቀምጦ ሲያልቅ አይቻለሁ። እዚያም ካልሆነ ለቀበሌው በጽሑፍ ያመልክቱ፣ የደረሰኝ ማኅተም ያስመቱ፣ ቅጂውን ያስቀሩ። የዴሲቤል ልኬት የሚጠየቀው ከአካባቢ ጥበቃ ጽሕፈት ቤት ነው። የመጨረሻው በር በቁጥር 1225 መሠረት ፍርድ ቤት ነው፤ ያን ጊዜ ደብተሩም፣ የቀበሌው ቅጂም፣ የሽማግሌዎቹ ምስክርነትም ይፈለጋሉ።

ለአከራዮች አንድ ነገር ቀረኝ። ሐምሌና ነሐሴ ላይ ለክተው ከሆነ መስከረም ላይ እንደገና ይለኩ። በክረምት ዝናቡ ቆርቆሮው ላይ ሲወርድ ሌላውን ድምፅ ሁሉ ይሸፍነዋል፤ ጎረቤትም ምንም አይልም። ዝናቡ ሲያቆም ሌሊቱ ጸጥ ይላል፤ ልክ በዚያው ሰሞን የመስቀልና የግሸን እንግዶች ይገባሉ። እኔ በየዓመቱ ከእንቁጣጣሽ ማግስት እማማ ቤት ሄጄ መደቡ ላይ እቀመጣለሁ። እርሳቸው ቡናውን ያፈላሉ፤ እኔ ስኒዎቹን አዳምጣለሁ።