ጂሜል አልከፈት ሲል፦ ስልኩን ፎርማት ከማስደረግዎ በፊት

ፓስወርድ ሲጠፋ ብዙ ሰው ስልኩን ይዞ ሞባይል ቤት ይሄዳል። እዚያም «ፎርማት ይደረግ» ይባላል። እባክዎ እሺ አይበሉ። ጂሜልዎ ገና ክፍት የሆነበት ስልክ ትልቁ ማስረጃዎ ነው። ከአንድሮይድ 5.1 ወዲህ ደግሞ ብዙ ስልኮች የጎን ቁልፎቻቸው ተጭነው ፎርማት ሲደረጉ የቀድሞውን የጎግል አካውንት ይጠይቃሉ። ያኔ ኢሜሉም ስልኩም ይዘጋብዎታል።

መልእክት ይገባልኛል፣ ፓስወርዱን ግን አላውቀውም

ምናልባት አካውንቱን የከፈተልዎ ስልኩን የሸጠልዎ ልጅ ነው፤ ፓስወርዱንም ያወጣው እሱ ነው። ይህ ቀላሉ ነው። ሴቲንግ ውስጥ ጎግል የሚለውን ይክፈቱ፤ ከአካውንትዎ ገጽ ሴኩሪቲ፣ ከዚያ ፓስወርድ ውስጥ ይግቡ። አሮጌውን ሲጠይቅዎ «ረሳሁት» የሚለውን ይንኩ። ብዙ ጊዜ የስልኩን ፓተርን ወይም አሻራ ብቻ ጠይቆ አዲስ ያስወጣዎታል።

ትክክለኛውን ጽፌ «ስህተት ነው» ይለኛል

ኪቦርዱ አማርኛ ላይ ሊሆን ይችላል፤ ወይም የመጀመሪያውን ፊደል ራሱ ትልቅ አድርጎታል። የዓይን ምልክቷን ነክተው የጻፉትን ይዩት።

ኮዱ የሚላከው በማይሠራ ቁጥር ነው

ይህ በጣም የሚያሳዝነኝ ነው፤ በተለይ ከዓረብ አገር በተመለሱ እህቶች ላይ። አካውንቱ የተከፈተው በሳዑዲ ወይም በቤሩት ሲም ነው፤ ሲሙ እዚያው ቀርቷል። የዓመታት ፎቶና የስልክ ቁጥር ሁሉ ያለው ግን እዚያ ኢሜል ውስጥ ነው።

ቁጥሩ የኢትዮጵያ ከሆነና በስምዎ ከተመዘገበ፣ መታወቂያ ይዘው ምትክ ሲም ያውጡ። ቁጥሩን ለረጅም ጊዜ ካልተጠቀሙበት ግን ለሌላ ሰው ተሰጥቶ ሊሆን ስለሚችል ቶሎ ይሂዱ። የውጭ ቁጥር ከሆነ «ሌላ መንገድ ሞክር» የሚለውን ይንኩ። ሁለተኛ ኢሜል አስመዝግበው ከነበረ ኮዱ ወደዚያ ይላካል። እዚያ የነበሩበት አሮጌ ስልክ መሳቢያ ውስጥ ካለ ቻርጅ አድርገው ያብሩት። ስክሪኑ ቢሰነጠቅም ይጠቅማል።

«የእርስዎ መሆኑን ማረጋገጥ አልቻልንም» ይላል

ጎግል ሰውየውን የሚለየው በለመደው ስልክና በለመደው ቦታ ነው። ስለዚህ ከኢንተርኔት ካፌ ወይም ከጓደኛ ስልክ አይሞክሩ። በራስዎ ስልክ፣ በሚያዘወትሩት ዋይፋይ ይሁን። የሚያስታውሱትን የመጨረሻ ፓስወርድ ሲጠይቅ አይዝለሉት። እርግጠኛ ባይሆኑም የቀረበውን ይጻፉ። በተከታታይ መሞከር ያስቆልፋል፤ አረፍ ብለው ይመለሱ።

አካውንቱ የለም ይላል

መጀመሪያ አድራሻውን ራሱን ተሳስተው እንዳይሆን በስልክ ቁጥርዎ ይፈልጉት። ሁለት ዓመት ሙሉ ካልተከፈተ ግን ተሰርዞ ሊሆን ይችላል፤ ጎግል እ.ኤ.አ. ከዲሴምበር 2023 ጀምሮ እንዲህ ያሉትን የግል አካውንቶች መሰረዝ ጀምሯል።

«ከፍለኸኝ አስመልስልሃለሁ» የሚሉ የቴሌግራም ሰዎች ያጋጥሙዎታል። ጎግል ለዚህ ገንዘብ አይጠይቅም። ስልክዎ ላይ የገባውን ኮድ ከነገሯቸው አካውንቱን ራሳቸው ይወስዱታል።

ከገቡ በኋላ በዚያው ቀን የድሮውን ቁጥር በአዲሱ ይተኩ፤ የሚያምኑትን ሁለተኛ ኢሜልም ይጨምሩ። ባለሁለት ደረጃ ማረጋገጫውን (ከፓስወርዱ ሌላ ተጨማሪ ማረጋገጫ የሚጠይቀውን) ካበሩ ጎግል 10 የመጠባበቂያ ኮዶች ይሰጥዎታል። በወረቀት ገልብጠው ከልደት ካርድዎ ጋር ያስቀምጧቸው።