ሽታ እንዴት እንደሚሠራ፦ ቡና እየቆላችሁ የምትሞክሩት

ቡና ሲቆላ ጎረቤቱ ሁሉ ያውቃል። ምስጋናው ለአፍንጫ ይሰጣል እንጂ ዋናው ሥራ የሚሠራው ከፍ ብሎ፣ ከሁለቱ ዓይኖች መሀል ወደ ኋላ፣ ከአንጎል ሥር በተኙ ሁለት ትንንሽ ክፍሎች ውስጥ ነው። ኦልፋክተሪ ባልብ ይባላሉ። አንዱ የቀኙን አፍንጫ ይዟል፣ ሌላው የግራውን። ርዝመታቸው አንድ ሴንቲ ሜትር ገደማ ቢሆን ነው። ሽታውን ከምጣዱ እስከ ትዝታ ድረስ እንከተለው፤ በየመሀሉም እዚያው ቤት የሚሞከር ነገር አለ።

የሚያስፈልገው፦ ጥሬ ቡና፣ የብርቱካን ከረሜላ፣ ሽንኩርት፣ እጣን። ለመጨረሻው ደግሞ ቅርንፉድ፣ ሎሚና የባህር ዛፍ ቅጠል። አሜሪካና አውሮፓ ያላችሁ መስኮቱን ቀድማችሁ ክፈቱት። የጭስ ማስጠንቀቂያው ጮኾ የሕንፃው ሰው ሁሉ በፒጃማ ከወረደ በኋላ ስለ ነርቭ ማውራት ይከብዳል።

ደረጃ 1፦ ሳብ አድርጉት

መጀመሪያ ጥሬውን ቡና አሽትቱት። ሳር ሳር ይላል፣ ብዙም ነገር የለውም። አሁን ቁሉት። ሙቀቱ ፍሬው ውስጥ ያለውን ስኳርና ፕሮቲን እያገናኘ በአየር የሚበኑ አዳዲስ ሞለኪውሎች ይፈጥራል፤ በተቆላ ቡና ውስጥ ከ800 በላይ ዓይነት ተለይተዋል። ጠቆር ብሎ ማብረቅረቅ ሲጀምር ምጣዱን አንሡና እንደወትሮው ተንፍሱ። ቀጥሎ አጠር አጠር አድርጋችሁ ሳቡት። ልዩነቱ ወዲያው ይታወቃችኋል፤ ምክንያቱም ሽታ የሚይዘው ቦታ የአፍንጫ ጣራ ላይ ስለሆነ በተራ አተነፋፈስ አብዛኛው አየር በሥሩ ያልፋል፣ ሳብ ስናደርግ ግን ወደ ላይ ይወጣል። ምጣዱ እየዞረ ሲመጣ ጭሱን በእጃችን ወደ ፊታችን እየጠራን የምንስበው ወግ ቢመስልም፣ ትክክለኛው አሠራር እሱ ነው።

ደረጃ 2፦ ጣራው ላይ የሚሆነው

እዚያ ጣራ ላይ ጥቂት ካሬ ሴንቲ ሜትር የምትሆን ቆዳ አለች፣ በስስ ንፍጥ የተሸፈነች። ሞለኪውሎቹ እዚያ ንፍጥ ውስጥ ይሟሙና ከነርቭ ሴሎች ፀጉር መሰል ጫፍ ጋር ይገናኛሉ። የነርቭ ሴሎቹ በሚሊዮን ይቆጠራሉ። ጫፋቸው ላይ ያሉት ተቀባዮች ግን በሰው ልጅ 400 ገደማ ዓይነት ብቻ ናቸው። አንድ ሴል የሚይዘው ደግሞ አንዱን ዓይነት ነው። የእነዚህን ተቀባዮች ጂኖች እ.ኤ.አ. በ1991 ያገኙት ሊንዳ በክና ሪቻርድ አክስል ሲሆኑ በ2004 የኖቤል ሽልማት ወስደውበታል።

እና "የቡና ተቀባይ" የሚባል ነገር የለም። አንድ ሞለኪውል ብዙ ተቀባዮችን ይነካል፤ አንድ ተቀባይም ብዙ ሞለኪውሎችን ያስተናግዳል። ቡናን ቡና የሚያደርገው የትኞቹ አብረው እንደተነኩ ነው። በ400 ዓይነት ተቀባይ ስፍር ቁጥር የሌለው ሽታ የምንለየው ለዚህ ነው።

ደረጃ 3፦ አጥንቱን አልፎ ባልቡ ውስጥ

ከነርቭ ሴሎቹ የሚወጡት ቀጫጭን ክሮች ወንፊት በመሰለ ስስ አጥንት ቀዳዳዎች ሽቅብ ያልፋሉ። ከአጥንቱ በላይ ያለው ባልቡ ነው። ለእኔ የነገሩ ሁሉ ቁንጮ እዚህ ላይ ነው። ታች ቆዳው ላይ አንድ ዓይነት ተቀባይ የያዙ ሴሎች እዚህም እዚያም ተበታትነው ነው ያሉት። ክሮቻቸው ግን ባልቡ ጋ ሲደርሱ ተፈላልገው፣ አንድ ዓይነቶቹ በሙሉ እነዚያው ጥቂት ድቡልቡል ጉብታዎች ላይ ይሰበሰባሉ። ጉብታው ግሎሜሩለስ ይባላል። ስለዚህ ታች የተዘበራረቀው ነገር እላይ ካርታ ይሆናል፤ ለቡና እነዚህ ጉብታዎች ይነቃሉ፣ ለእጣን እነዚያ። ከብዙ ሺህ ሴል የመጣ ደካማ መልእክት አንድ ቦታ ሲጠራቀም ደግሞ ይጠነክራል። ስስ ሽታ የማያመልጠን ለዚህ ነው።

ከጉብታው መልእክቱን ተቀብለው ወደ ውስጠኛው አንጎል የሚልኩት ማይትራልና ተፍትድ የሚባሉ ሴሎች ናቸው። ግን ዝም ብለው አይልኩም። በአጠገባቸው ግራኑል የሚባሉ፣ ቁጥራቸው እጅግ የበዛ ትንንሽ ሴሎች አሉ፤ ሥራቸው ዝም ማሰኘት ነው። አንዱ ማይትራል ሴል በደንብ ሲነቃ ግራኑሎቹ ጎረቤቶቹን ያረጋጋሉ፣ እንዲህ እያለ ተቀራራቢ ሽታዎች ተለይተው ይወጣሉ። ትንሽ ያረረ ቡናና በልኩ የተቆላ ቡና ብዙ የሚጋሩት ነገር እያላቸው ሳናይ የምንለያቸው በዚህ ዓይነት ማጣራት ነው። ጣልያናዊው ሐኪም ካሚሎ ጎልጂ የነርቭ ሴሎች በማይክሮስኮፕ እንዲታዩ የሚያቀልመውን አዲሱን ዘዴውን ይዞ እ.ኤ.አ. በ1875 የውሻ ባልብ ሲስል ይህን ጥልፍልፍ በዓይኑ አይቶታል፤ ምን እንደሚሠራ ለማወቅ ግን ገና ብዙ አሥርት ዓመታት ይቀሩ ነበር።

ትእዛዝ ከላይም ይመጣል። ከአንጎል ተመልሰው ባልቡ ላይ የሚያርፉ ነርቮች ብዙ ናቸው፤ ትኩረታችንም ሆነ ረሃባችን እዚያ ላይ እጁን ያስገባል። ጾም ሲፈታ የዶሮ ወጥ ሽታ ከሦስተኛ ፎቅ የሚጠራው አለምክንያት አይደለም።

ደረጃ 4፦ ወዴት እንደሚሄድ

የዓይንና የጆሮ መልእክት ወደ አንጎል ቅርፊት ከመድረሱ በፊት ታላመስ የሚባል ጣቢያ ላይ ይቆማል። ሽታ ይህን ጣቢያ ዘሎ ነው የሚገባው። ከባልቡ በቀጥታ ሽታን ወደሚለየው ቅርፊት፣ ስሜት ወደሚቀሰቅሰው አሚግዳላና የትዝታ ደጃፍ ወደሆነው አካባቢ ይሄዳል። የአያታችሁ ቤት ሳታስቡት ድንገት ድቅን የሚለው በዚህ አቋራጭ ነው።

ሦስት ፈጣን ሙከራዎች

አፍንጫችሁን በሁለት ጣት ያዙና ከረሜላውን አኝኩ። ጣፋጭና ኮምጠጥ ያለ ነገር ብቻ ነው የሚሰማችሁ። አሁን ልቀቁት። ብርቱካኑ ከተፍ ይላል! ምላስ የሚያውቀው ጥቂት ነው፤ "ጣዕም" የምንለው አብዛኛው በጉሮሮ በኩል ከኋላ ወደ አፍንጫ ጣራ የሚወጣ ሽታ ነው። ጉንፋን ሲይዘን ምግብ ሁሉ ውሃ ውሃ የሚለንም ለዚሁ ነው።

እጣን አጭሱና ክፍሉ ውስጥ ቆዩ። ትንሽ ቆይቶ አይሸታችሁም። ወጣ ብላችሁ ንጹሕ አየር አግኝታችሁ ተመለሱ፣ እንደገና ይመጣል። ሴሎቹም አንጎሉም ያልተለወጠን ነገር ችላ ማለት ይወዳሉ። እንግዳ ገና ከበር የሚሸተው የቤታችን ጠረን ለእኛ የማይታወቀን በዚህ ነው፤ ሰው ሲመጣ እዚያው ቤት ያለን ሰው "ይሸታል እንዴ?" ብሎ መጠየቅ ዋጋ የለውም።

ሽንኩርት ክተፉ። ማቃጠሉ ሽታ አይደለም፣ በባልቡም አያልፍም። የፊት ስሜት የሚያመላልስ ሌላ ነርቭ ነው የሚይዘው። በርበሬ ሲወቀጥ የሚያስነጥሰውም እሱ ነው። ይህ ለቀጣዩ ይጠቅማችኋል፦ ሽታ የጠፋበት ሰው አሞኒያ ወይም ሜንቶል አሽትቶ "ተመልሶልኛል" ቢል አትመኑት።

ሽታ ሲጠፋ ማለማመድ

ኮቪድ ይህን ጉዳይ የብዙ ቤት ወሬ አድርጎታል። ቫይረሱ በዋናነት የሚያጠቃው የሽታ ነርቮቹን የሚደግፉትን ሴሎች ነው። ደግነቱ የአፍንጫ ጣራ ነርቮች ከአብዛኞቹ ነርቮች በተለየ ሁኔታ እየሞቱ ይተካሉ። ተመራማሪው ቶማስ ሁመልና ባልደረቦቹ ጀርመን፣ ድሬስደን ውስጥ እ.ኤ.አ. በ2009 ያሳተሙት ልምምድ ጽጌረዳ፣ ባህር ዛፍ፣ ሎሚና ቅርንፉድ ነበር የተጠቀመው። ከአራቱ ሦስቱ እኛ ጓዳና ደጅ አሉ፤ በጥናቱ የነበሩት ጠርሙስ ውስጥ የተዘጋጁ ሽታዎች ቢሆኑም ትኩስ የሎሚ ልጣጭ፣ የተፈረከሰ ቅርንፉድና የታሸ ቅጠል ጥሩ መነሻ ናቸው።

ጠዋትና ማታ እያንዳንዱን ለ10 ሰከንድ ያህል ሳብ ሳብ አድርጉ፣ የሚሸተው ነገር ድሮ እንዴት ይሸታችሁ እንደነበር እያሰባችሁ። ምንም ባይሸታችሁም ቀጥሉ፤ ቢያንስ 12 ሳምንት። ሁሉም ሰው ላይ አይሠራም፣ በሳምንት ውስጥ ለውጥ መጠበቅም ራስን ማድከም ነው።

ልምምዱን ትታችሁ ሐኪም ጋ የምትሄዱበት ጊዜ አለ። ጭንቅላት ከተመታ በኋላ ሽታ ከጠፋ እነዚያ ክሮች አጥንቱ ጋ ተበጥሰው ሊሆን ይችላል፤ ከአፍንጫ ጥርት ያለ ውሃ የሚንጠባጠብ ከሆነ ደግሞ ሳትውሉ ሳታድሩ ሆስፒታል። ያለ ጉንፋን ቀስ በቀስ እየጠፋ የሚሄድም ይታይ፣ ፓርኪንሰን የሚባለው የአንጎል በሽታ አንዳንዴ ከመንቀጥቀጡ ዓመታት ቀድሞ በዚህ ይጀምራል።

እስኪመለስ ድረስ የወጥ ቤቱን ነገር ለሌላ አፍንጫ አደራ ስጡ። የተበላሸ ወተት አይታወቃችሁም፤ ጋዝ ቢያፈተልክም እንዲሁ፣ ስለዚህ ምግብ ሠርታችሁ እንደጨረሳችሁ የሲሊንደሩን ቫልቭ ዝጉ።